የመድፍ መርከብ አመጣጥ፦ ፖርቱጋሎች ከጅዳና ከስዊዝ ለምን ተመለሱ?

ጥያቄ፦ «ፖርቱጋሎች በ16ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የሕንድ ውቅያኖስን የተቆጣጠሩት ግራና ቀኝ ጎናቸው ላይ መድፍ በደረደሩ ትልልቅ የሸራ መርከቦች እንደሆነ አነበብኩ። ነገሩ እንዲህ ከሆነ በ1517 ጅዳ፣ በ1541 ደግሞ ስዊዝ ድረስ ሄደው በመቅዘፊያ የሚነዱትን የጠላት መርከቦች ሳያቃጥሉ የተመለሱት ለምንድን ነው? አሮጌው ዓይነት መርከብ አዲሱን እንዴት ሊመክተው ቻለ?»

ምላሽ፦

የባሕር ኃይል ታሪክ አጥኚዎች ላለፉት ሃምሳ ዓመታት ሲከራከሩበት የኖሩትን ጉዳይ ነው የነኩት። ጥያቄው የራሳችንንም ታሪክ ስለሚነካ ሰፋ አድርጌ እመልሳለሁ። ዓመታቱን ሁሉ የምጽፈው እንደ እርስዎ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።

መልሱን ባጭሩ ላስቀድም። በ1517 «አዲሱ» መርከብ ገና አልተፈጠረም፤ «አሮጌው» ደግሞ አሮጌ አልነበረም። ጋሊ የሚባለው በመቅዘፊያ የሚነዳ የጦር መርከብ በዚያ ዘመን ከባድ መድፍ ባሕር ላይ አነጣጥሮ በመተኮስ የሚስተካከለው አልነበረም። የሸራ መርከቦች ከባድ መድፍ መሸከምን የተማሩት በአብዛኛው ጋሊን ፈርተው ነው። በሥዕልና በፊልም የምናውቃት፣ በሁለትና በሦስት ደርብ መድፍ ደርድራ ከጓደኞቿ ጋር በአንድ መስመር ተሰልፋ ጎኗን ለጠላት ሰጥታ የምትተኩሰው መርከብ የመጣችው ከጅዳው ዘመቻ በኋላ ከ130 ዓመት በላይ አልፎ ነው።

ይህን አመለካከት የያዝኩት በተለይ ከሁለት ሰዎች ጥናት ነው። አንዱ አሜሪካዊው ጆን ጊልማርቲን ነው። ታሪክ አስተማሪ ከመሆኑ በፊት የአየር ኃይል መኮንን ነበር፤ በቬትናም ጦርነት ሄሊኮፕተር እያበረረ የወደቁ አብራሪዎችን ያነሳ ነበር። ይህ የሕይወት ልምዱ በሥራው ላይ በግልጽ ይታየኛል። በ1974 ስለ ሜዲትራኒያን ጋሊዎች ያሳተመው ጥናት የአድሚራሎችን ጀግንነት ከመተረክ ይልቅ አንድ ቀዛፊ በቀን ስንት ሊትር ውሃ ይጠጣል፣ መርከቡ ስንት በርሜል ይይዛል፣ ቀዛፊዎቹ በሙሉ ኃይላቸው ስንት ደቂቃ ይቆያሉ ብሎ ይጠይቃል። ሌላው እንግሊዛዊው ኒኮላስ ሮጀር ነው። እሱ በ1996 ባወጣው ጥናት ከ1450 እስከ 1650 ባለው ጊዜ መድፎቹ በመርከቡ ላይ የት የት እንደተቀመጡና ወደየት ይተኩሱ እንደነበር አንድ በአንድ ተከታተለ። የሁለቱ ሥራ ሲገጣጠም የእርስዎ ጥያቄ መልስ ያገኛል።

ከጋሊው እንጀምር። የተለመደው ጋሊ 40 ሜትር ያህል ርዝመትና 5 ሜትር ያህል ስፋት የነበረው ቀጭን መርከብ ነው። በእያንዳንዱ ጎን 24 አግዳሚ ወንበር፣ በእያንዳንዱ ወንበር ሦስት ቀዛፊ ቢቀመጥ 144 ሰው ይሆናል፤ ወታደሩና መርከበኛው በዚያ ላይ ይጨመራል። ከ1500 ገደማ ጀምሮ ከፊቱ፣ ልክ መሐል ላይ፣ ከ15 ኪሎ በላይ የሚመዝን ጥይት የሚተኩስ አንድ ትልቅ መድፍ ተተከለ፤ ግራና ቀኙን አነስ አነስ ያሉ መድፎች ያጅቡታል። ትልቁ መድፍ ሲተኮስ በወንበሮቹ መካከል ባለው መተላለፊያ ወደኋላ ይንሸራተታል። መድፉ ወደ ግራና ወደ ቀኝ አይዞርም፤ መርከቡ ራሱ ነው የሚዞረው። በመቅዘፊያ የሚነዳ መርከብ ነፋስ ኖረም አልኖረም ባለበት ስለሚዞር አነጣጣሪው መርከበኞቹ ናቸው ማለት ይቻላል። መድፉ ከውሃው ብዙም ከፍ ስለማይል ጥይቱ የሚያርፈው በጠላት መርከብ ሆድ ላይ፣ ውሃው በሚነካው አካባቢ ነው። የሸራ መርከብ ነፋስ ባቆመበት ሰዓት በእንዲህ ዓይነት ጋሊ ከተከበበች የምታደርገው ብዙ ነገር አልነበራትም።

የጋሊው ድካም ውሃ ነው። ፀሐይ ላይ የሚቀዝፍ ሰው በትንሹ በቀን ሁለት ሊትር ያህል ይፈልጋል፤ ቀጭኑ መርከብ ደግሞ ለሁለት ሳምንት የሚበቃ እንኳ በጭንቅ ነው የሚይዘው። ስለዚህ ጋሊ ከወደቡ ርቆ ብዙ መቆየት አይችልም፤ የውቅያኖስ ማዕበልም አይችልም። ምሽግ ባለው ወደብ ግን ሌላ ነገር ይሆናል። ጋሊዎቹ ኋላቸውን ወደ ባሕሩ ዳር ሰጥተው፣ ፊታቸውን ወደ ባሕሩ አዙረው ጎን ለጎን ይቆማሉ፤ ከላያቸው የምሽጉ መድፍ ይሸፍናቸዋል። እንዲህ የቆመ ጓድ ራሱ የመድፍ ግንብ ነው፤ የሚያጠቃው መርከብም በመድፎቹ አፍ ፊት ለፊት ከመምጣት ሌላ መንገድ የለውም።

ጅዳ ላይ ፖርቱጋሎች ያገኙት ይህንን ነው። በ1517 ሕንድ ውስጥ የፖርቱጋል ግዛት ገዢ የነበረው ሎፖ ሶዋሬስ ደ አልቤርጋሪያ ትልቅ የመርከብ ጓድ ይዞ ቀይ ባሕር ገባ። ጅዳ ላይ የነበሩት መርከቦች የግብፅ ማምሉኮች ስዊዝ ላይ ያሠሯቸው ነበሩ፤ ካይሮ ራሷ ግን በዚያው ዓመት መጀመሪያ በኦቶማን ቱርኮች እጅ ወድቃለች። አዛዡ ሰልማን ሬይስ ቱርክ ነው። ወደ ወደቡ የሚያስገባው መንገድ በኮራል ድንጋይ መካከል የሚያልፍ ጠባብ ቦይ በመሆኑ ትልልቆቹ የሸራ መርከቦች ተራ በተራ ብቻ ነበር መግባት የሚችሉት። እያንዳንዷ መርከብ ስትገባ የሰልማንን ከባድ መድፍ ብቻዋን ልትቀበል ነው። ሎፖ ሶዋሬስ አይቶ፣ አመንትቶ፣ ሳይገባ ተመለሰ። የራሱ ሰዎች በፈሪነት ወቀሱት፤ ብዙ ጸሐፊዎችም ያንኑ ወቀሳ ይደግማሉ። እኔ በዚህ አልስማማም። ቦዩን፣ ነፋሱንና የመድፎቹን አቀማመጥ ካየን የመመለሱ ውሳኔ ትክክል ነበር። የሰውየው ጥፋት ከዚያ በኋላ ያለው ነው፤ ጓዱን ካማራን ደሴት ላይ አቆይቶ ብዙ ሰው በውሃ ጥምና በበሽታ አለቀበት።

በዚያ ጓድ ላይ አንድ የምናውቀው ሰው ነበር። እቴጌ እሌኒ ወደ ፖርቱጋል ንጉሥ የላኩት መልእክተኛ ማቴዎስ በ1514 ሊዝበን ደርሶ፣ ንጉሥ ማኑኤል መልስ ይዞ እንዲሄድ ከመደበው ከሽማግሌው አምባሳደር ከዱዋርቴ ጋልቫዎ ጋር ወደ አገሩ እየተመለሰ ነበር። ዱዋርቴ ጋልቫዎ ካማራን ላይ ሞቶ ቀረ። ጓዱ ዘይላን አቃጥሎ ወጣ፤ ማቴዎስም ወደ ሕንድ ለመመለስ ተገደደ። ምጽዋ የደረሰው በ1520 ነው፤ በሌላ ጓድ፣ ከአዲሱ አምባሳደር ከሮድሪጎ ደ ሊማና ከቄሱ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ ጋር። በቤተ መንግሥታችን ታሪክ የምናነበው የዚያ የሦስት ዓመት መዘግየት አንዱ ምክንያት ጅዳ ወደብ ላይ አፋቸውን ወደ ባሕር አዙረው የቆሙት መድፎች ናቸው።

የ1541ዱ የስዊዝ ዘመቻ ደግሞ ነገሩን ይበልጥ ያጠራዋል። የቫስኮ ዳ ጋማ ልጅ እስቴቫዎ ዳ ጋማ የሕንድ ገዢ ሆኖ፣ ስዊዝ ላይ ያለውን የቱርክ ጓድ ሊያቃጥል መጣ። ምጽዋ ሲደርስ ያደረገውን ልብ ይበሉ፦ ትልልቆቹን የሸራ መርከቦች እዚያው ትቶ ወደ ሰሜን የሄደው በመቅዘፊያ በሚነዱ ቀላል መርከቦች ነው። ምክንያቱ ግልጽ ነው። በቀይ ባሕር ሰሜናዊ ክፍል ዓመቱን ሙሉ ማለት ይቻላል ነፋሱ ከሰሜን ይነፍሳል፤ ዳርና ዳሩ ደግሞ የኮራል ድንጋይ ነው። ከባድ የሸራ መርከብ ያንን ነፋስ እየታገለች በድንጋይ መካከል ልትወጣ ብትሞክር ሳምንታት ይፈጅባታል፤ የመሰበር ዕድሏም ብዙ ነው። አብሮ የዘመተው ዡዋዎ ደ ካስትሮ የመንገዱን ጥልቀት፣ ነፋስና ወደብ ሁሉ ከሥዕል ጋር መዝግቦ አቆይቶልናል፤ ያንን ያነበበ ሰው እስቴቫዎ ለምን እንዲህ እንደወሰነ አይጠይቅም። በሚያዝያ መጨረሻ ስዊዝ ሲደርሱ ግን የቱርኮቹ ጋሊዎች የብስ ላይ ተጎትተው በወታደርና በመድፍ ይጠበቁ ነበር። የመጣው ጓድ ቀላል በመሆኑ ከባድ መድፍ የለውም፤ ከባድ መድፍ ያላቸው መርከቦች ደግሞ እዚያ ሊደርሱ አይችሉም። ስለዚህ ተመለሱ።

ምጽዋ ከተመለሱ በኋላ የገዢው ወንድም ክሪስቶቫዎ ዳ ጋማ 400 ሰው ይዞ በሐምሌ ወደ መሐል አገር ዘመተ። ወፍላ ላይ የተሸነፈው፣ የተረፉት ደግሞ በ1543 ወይና ደጋ ላይ ከአጼ ገላውዴዎስ ጋር የተሰለፉት የዚሁ ጓድ ሰዎች ናቸው። ዋና ዓላማው ያልተሳካለት የባሕር ዘመቻ ነው በየብስ ታሪካችን ያን ያህል ትልቅ ቦታ የያዘው።

ታዲያ ፖርቱጋሎች የሕንድ ውቅያኖስን እንዴት ያዙ? ብለው መጠየቅዎ አይቀርም። ሰፊው ውቅያኖስ የጋሊ ቦታ አይደለም። እዚያ ሸራ ያላት፣ ወራት የሚያስጉዝ ውሃና ስንቅ የምትጭን፣ ከፍ ያለች መርከብ ባለቤት ነች። ንጉሥ ማኑኤል በ1500 ለፔድሮ አልቫሬዝ ካብራል በሰጠው መመሪያ፣ ከጠላት መርከብ ጋር ተጠጋግቶ ከመያያዝ ይልቅ ከሩቅ በመድፍ ሸራቸውን እንዲያወርዱ ማስገደድ እንደሚሻል ያዛል። በዚያ ባሕር ላይ የሚመላለሱት የነጋዴ መርከቦች ብዙዎቹ ሳንቃቸው በኮኮናት ቃጫ ገመድ የተሰፋ ነበር፤ ለንግድ እጅግ ጥሩ፣ ለመድፍ ጦርነት ግን ያልተሠራ። ነገር ግን የመድፉን ሚና ከልክ በላይ እንዳናገንነው። በ1509 ሕንድ ዳርቻ ዲዩ ላይ ፍራንሲስኮ ደ አልሜይዳ የማምሉኮችንና የአጋሮቻቸውን ጓድ ሲደመስስ፣ መድፉ መንገድ ቢከፍትም ውጊያው ያለቀው በጠላት መርከብ ላይ ዘሎ በመውጣትና በሰይፍ ነው።

አሁን ወደ ሮጀር ጥናት ልሻገር፤ ይህ ክፍል በአጠቃላይ ታሪክ መጻሕፍት ውስጥ ገና በቅጡ አልገባም። የተለመደው ትረካ እንዲህ ይላል፦ በ1501 በፈረንሳይ ወደብ ብሬስት ላይ ደሻርዥ የሚባል መርከብ ሠሪ የመድፍ መስኮት ፈጠረ፤ ከዚያ መርከቦች በጎናቸው መድፍ ደረደሩ፤ ከዚያ ጋሊ ተሸነፈ። ይህ ትረካ ለማስታወስ ቀላል ነው፤ ማስረጃው ግን አይደግፈውም። በመርከብ ሆድ ላይ የሚከፈትና የሚዘጋ በር ቀድሞም ነበር፤ ፈረስና ግንድ የሚገባበት። ከባዱ ነገር መስኮቱን መቁረጥ ሳይሆን የሚቆረጠው ሆድ እንዳይላላ ማድረግ ነው። በሰሜን አውሮፓ መርከብ የሚሠራው ሳንቃውን በሳንቃ ላይ እያነባበሩ፣ ዳርና ዳሩን በምስማር እየቆለፉ ነበር። ጥንካሬው ያለው በሳንቃዎቹ መያያዝ ውስጥ ስለሆነ ቀዳዳ ሲበዛበት መርከቡ ይላላል። የደቡብ ሰዎች ግን መጀመሪያ ጎድኑን ያቆማሉ፣ ከዚያ ሳንቃዎቹን ጫፍ ለጫፍ አጋጥመው ይመቱበታል። ጥንካሬው በጎድኑ ስለሆነ በጎድን መካከል መስኮት ቢቆረጥ አይጎዳውም። ይህ አሠራር በ15ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ወደ ሰሜን ተስፋፋ። እንግሊዞች «ሶቨሪን» የምትባለውን በ1488 የተሠራች መርከባቸውን በ1509 ሙሉ በሙሉ በዚህ አሠራር ደግመው ሠሯት።

አሠራሩ ተገኘ፤ የሚያስገድድ ነገርስ? ያ በ1513 መጣ። ፈረንሳዊው ፕሬዣን ደ ቢዱ ጋሊዎቹን ከሜዲትራኒያን አዙሮ ወደ ብሬስት አመጣ። የእንግሊዝ ጓድ ላይ ሲደርስ አንዷን መርከብ በከባድ መድፉ አሰጠመ፣ ሌላዋን ክፉኛ ጎዳ። የእንግሊዙ አድሚራል ሰር ኤድዋርድ ሃዋርድ ሚያዝያ 25 በትናንሽ ጀልባዎች ሆኖ ጋሊዎቹን ባሉበት ሊያጠቃ ገባ፤ ራሱ የፕሬዣን ጋሊ ላይ ዘሎ ወጣ፣ ግን ወደ ባሕር ተገፍትሮ ሞተ። ይህ ሞት በእንግሊዝ ቤተ መንግሥት ምን ያህል እንዳስደነገጠ መገመት አያስቸግርም። ከዚያ በኋላ የሸራ መርከቦች ኋላቸው ላይ፣ ዝቅ ብሎ፣ ከባድ መድፍ ማስቀመጥ እየተለመደ ሄደ። ለምን ኋላ? ነፋስ ሲጠፋ ጋሊ የሚመጣው ከዚያ ስለሆነ። ከዚያ ደግሞ ፊት። በጎን ላይ ያሉት ትልልቅ መድፎች እየበዙ የሄዱት ቀስ በቀስ ነው፤ ፊትና ኋላ ቦታው ሲሞላ መድፎቹ ወደ ጎን ፈሰሱ ማለት ይቻላል።

«ሜሪ ሮዝ» የዚህ ሽግግር ምስክር ነች። በ1511 ባሕር ላይ ወረደች፣ በኋላ እንደገና ተጠናክራ ተጨማሪ መድፍ ተጫነባት፤ ሐምሌ 19 ቀን 1545 ፖርትስመዝ ፊት ለፊት ሰጠመች። ያን ዕለት የፈረንሳይ ጋሊዎች ነፋስ በሌለበት ሰዓት ቀርበው የእንግሊዝን መርከቦች ይተኩሱባቸው ነበር። ነፋስ ሲነሣ ሜሪ ሮዝ ለመልስ ወጣች፤ ስትዞር አዘነበለች፣ በተከፈቱት ዝቅተኛ የመድፍ መስኮቶች ውሃ ገባ። ከ500 ያህል ሰው የተረፈው ከ40 አይበልጥም። በ1982 ከነመድፎቿ ስትወጣ ያየነው ነገር ውድ ነው፦ በመዶሻ ከተቀጠቀጠ ብረት የተሠሩ፣ ከኋላ የሚጎረሱ አሮጌ መድፎች፣ እነሱም አጠገብ ባለ አራት ጎማ ዝቅ ያለ ጋሪ ላይ የተቀመጡ ምርጥ የነሐስ መድፎች። ሁለት ዘመን በአንድ ወለል ላይ።

ያ ባለ አራት ጎማ ጋሪ ትንሽ ነገር ይመስላል። በ1588 ግን ለውጥ አመጣ። የስፔን ታላቅ ጓድ እንግሊዝን ሊወር ሲመጣ ብዙዎቹ መድፎቹ ረጅም ጅራት ያላቸው፣ ለየብስ የተሠሩትን በሚመስሉ ባለ ሁለት ጎማ ጋሪዎች ላይ ነበሩ፤ በጠባብ ወለል ላይ ወደኋላ ስቦ መልሶ ማጉረስ እጅግ አስቸጋሪ ነው። የስፔን ልማድ ራሱ መድፉን አንዴ ተኩሶ፣ ጠላት ሲደነግጥ ተጠግቶ ዘሎ መያዝ ነበር። ከሰመጡት የስፔን መርከቦች የተገኘው ብዛት ያለው ያልተተኮሰ የመድፍ ጥይት ይህንን ያረጋግጣል። እንግሊዞቹ ደግሞ ዝቅና ቀጠን ያሉ አዳዲስ መርከቦች ነበሯቸው። የዘመኑ ዋና መርከብ ሠሪ ማቲው ቤከር በተወልን ሥዕል ላይ የመርከብ ሆድ ቅርጽ በአንድ ትልቅ ዓሣ አካል ላይ ተስሏል፤ ፊቱ ወፍራም፣ ኋላው ቀጭን። ይህንን ሥዕል ባየሁ ቁጥር የሚገርመኝ፣ ሰውየው የቁጥር ሰው ሆኖ ሳለ የመጨረሻውን ፍርድ ለዓይኑ መተዉ ነው።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው ይሳሳታል፤ እንግሊዞች በ1588 በመስመር ተሰልፈው ተዋጉ ብሎ ያስባል። አልተዋጉም። መርከቧ ፊቷን ወደ ጠላት አድርጋ ትሄዳለች፣ የፊት መድፎቿን ትተኩሳለች፤ ዞር ብላ አንዱን ጎን፣ ቀጥላ የኋላዎቹን፣ ከዚያ ሌላውን ጎን ትተኩሳለች፤ ወጥታ ርቃ ታጎርሳለች፤ ሌላዋ ትተካታለች። የጋሊ አዋጊነት በሸራ መርከብ ላይ ማለት ነው። ዋናው መድፍ ገና የፊቱ ነው፤ ጎን የሚተኮሰው በመዞሪያው መሐል ነው። ሮጀር የመድፎቹን አቀማመጥና የዘመኑን የውጊያ መመሪያ አንድ ላይ ሲያነብ ያወጣው ይህንን ነው፤ እኔም ያሳመነኝ ሁለቱ ማስረጃዎች ተነጣጥለው አንድ ነገር መናገራቸው ነው።

በ17ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ነገሥታት በጎን ላይ የሚደረደር ክብደት ማረካቸው። የስዊድኑ ንጉሥ ጉስታቭ አዶልፍ ያሠራት «ቫሳ» 64 መድፍ ነበራት፤ አብዛኞቹ ትልልቅ፣ በሁለት ሙሉ ደርብ፣ በላይኛውም በታችኛውም እኩል መጠን ያላቸው። ክብደቱ ወደ ላይ ወጣ። ዋናው ሠሪ ሆላንዳዊው ሄንሪክ ሂበርትሶን መርከቧ ሳታልቅ በ1627 ሞቶ ነበር። ከመነሣቷ በፊት 30 ሰው ከአንዱ ጎን ወደ ሌላው እየሮጠ እንዲፈትናት ተደረገ፤ ሦስት ጊዜ ሲሮጡ መርከቧ እጅግ ስለተንገዳገደች ምክትል አድሚራል ክላስ ፍሌሚንግ ፈተናውን አስቆመው። ንጉሡ ግን ፕሩሲያ ጦርነት ላይ ሆኖ መርከቧ ቶሎ እንድትወጣ ይወተውት ነበር። ነሐሴ 10 ቀን 1628 ስቶክሆልም ላይ ሸራዋን ዘርግታ 1300 ሜትር ያህል ሄዳ ዘንበል ስትል ውሃ በታችኛው መስኮት ገባ። ልክ እንደ ሜሪ ሮዝ። ምርመራ ተደርጎ ማንም አልተቀጣም፤ መቅጣትም አስቸጋሪ ነበር፤ መርከብ ቀና ብሎ ለመቆም የሚያስፈልገውን በስሌት የሚያውቅ ሰው በዓለም ላይ አልነበረምና። ፈረንሳዊው ፒየር ቡጌ ያንን ስሌት ያሳተመው በ1746 ነው። እስከዚያ ድረስ ያሉት ታላላቅ የጦር መርከቦች ሁሉ በልምድና በዓይን የተሠሩ ናቸው።

በመስመር መሰለፍ የመጣው ሦስት ነገሮች ሲገናኙ ነው። የመጀመሪያው ርካሽ መድፍ ነው፤ እንግሊዞች ከ1543 ጀምሮ ሰሴክስ ውስጥ መድፍ ከቀለጠ ብረት መቅዳት ቻሉ፣ በኋላ ስዊድን ገበያውን ሞላችው፤ የብረት መድፍ ከነሐስ ቢከብድም ዋጋው እጅግ ዝቅ ያለ ነው። ሁለተኛው መድፉ ሲተኮስ ወደ ውስጥ እንዲሸሽ ለቅቆ፣ ውስጥ ሆኖ እንደገና ማጉረስ መለመዱ ነው፤ ይህ ሲሆን መርከቧ ለማጉረስ መውጣት አያስፈልጋትም፤ ባለችበት ሆና ጎኗን ደጋግማ ትተኩሳለች። ሦስተኛውና ከሁሉ የሚከብደው መንግሥት ነው። እስከ 1650ዎቹ ድረስ ከጓዱ ብዙው በጦርነት ጊዜ የሚከራይ የነጋዴ መርከብ ነበር። የራሱ ንብረት የሆነችውን መርከብ በጠላት መድፍ ፊት አቁም ቢባል፣ ባለቤቱ ነፋሱ እንዳስቸገረው ሰበብ አያጣም።

እንግሊዞች በ1652 መጨረሻ ዳንጀነስ ላይ በሆላንዶች ሲሸነፉ የደረሰባቸው ይህ ነው፤ ብዙ መርከብ ሳይዋጋ ቀረ። ከዚያ በኋላ ሕጉ ጠበቀ፣ አዛዦቹ በመንግሥት ተሾሙ። መጋቢት 29 ቀን 1653 የወጣው መመሪያ እያንዳንዷ መርከብ ከአለቃዋ ጋር በመስመር እንድትቆም አዘዘ። መመሪያውን ያወጡት ብሌክ፣ ዲንና መንክ ከየብስ ጦር የመጡ መኮንኖች ናቸው፤ ሰልፍ የመጠበቅን ልማድ ከዚያ ይዘው እንደመጡ አምናለሁ። ሆላንዳዊው ማርተን ትሮምፕ በ1639 በመስመር ተሰልፎ ስፔኖችን ገጥሞ ስለነበር ሐሳቡ ለባሕሩ እንግዳ አልነበረም፤ በጽሑፍ ታዝዞ የጓድ ሁሉ ግዴታ የሆነው ግን በ1653 ነው። በሰኔ ጋባርድ ላይ የእንግሊዝ ጓድ በመስመር ቆሞ ከሩቅ ሲተኩስ፣ ተጠግተው ዘሎ መያዝ የለመዱት ሆላንዶች መጠጋት አልቻሉም።

አንድ ተቃውሞ ሊነሣ ይችላል፦ በ1538 ፕሬቬዛ ላይ የቬኒስ ትልቅ የሸራ መርከብ ነፋስ በሌለበት ብቻዋን ቀርታ የኦቶማን ጋሊዎችን ቀኑን ሙሉ መክታለች። እውነት ነው። ጎኗ ወፍራም፣ መድፏም ብዙ ነበር፤ አዛዡ አሌሳንድሮ ኮንዱልሜርም ጋሊዎቹ በደንብ እስኪጠጉ ድረስ እንዳይተኮስ አድርጎ ነበር። ነገር ግን መከላከል ቻለች እንጂ ማጥቃት አልቻለችም፤ ከባሕሩ መሐል ንቅንቅ አላለችም። ስዊዝ ላይ የሚያስፈልገው ደግሞ ሄዶ ማጥቃት ነው።

በ1541 ሳይቃጠል የቀረው የስዊዝ ወደብና ጓድ ለቱርኮች መነሻ ሆኖ ቀጠለ። በ1557 ኦዝደሚር ፓሻ ምጽዋን ያዘ። ከዚያ በኋላ የፖርቱጋል መርከቦች ወደ ምጽዋ እንደ ልብ መግባታቸው አበቃ። ስፔናዊው ካህን ፔድሮ ፓኤዝ ወደ ኢትዮጵያ ሲጓዝ በ1590 ከዓረቢያ ዳርቻ ተይዞ ለዓመታት የመን ውስጥ ታሰረ፤ በመጨረሻ በ1603 ምጽዋ የደረሰው ልብሱን ለውጦ፣ በቱርኮች ወደብ ውስጥ ማንነቱን ደብቆ ነው።